ለጎዳና ልጆች ዋስ የሚሆኑ እናት፤ በባሕር ዳር ያገኘሁት አገልግሎት

በባሕር ዳር፣ ከመናኸሪያው ብዙም ሳይርቅ፣ ልጆቹ «እትዬ» ብቻ ብለው የሚጠሯቸው አንዲት እናት ከአዴት፣ ከሞጣ፣ ከዳንግላና ከቡሬ አካባቢ ሥራ ፍለጋ መጥተው ጎዳና ላይ ለቀሩ ወጣቶች በኪራይ ቤታቸው በረንዳ ላይ አገልግሎት ይሰጣሉ። እኔ የማውቃቸው በአሠሪነት ነው፤ ባለፈው ዓመት ለእንጨት ሥራ ቤቴ ረዳት ስፈልግ አንድ የ17 ዓመት ሊስትሮ በእሳቸው በኩል ቀጥሬአለሁ።

ምሳ አለ፤ አብዛኛውን ጊዜ የዳጉሳ እንጀራ በሽሮ ነው። የልብስ ማጠቢያ ውኃና ሳሙናም አለ። ይሁን እንጂ ምሳ የሚያበላ ደግ ሰው በከተማችን አይጠፋም፤ የእትዬን ሥራ ከሌላው የሚለየው ወረቀቱ ነው። ከገጠር የመጣ ልጅ በከተማ ቀበሌ ለመመዝገብ ከትውልድ ቀበሌው መሸኛ ይጠየቃል። የወሳኝ ኩነት ምዝገባ በአገር አቀፍ ደረጃ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ስለሆነ ከዚያ በፊት ከተወለዱት ብዙዎቹ የልደት ማስረጃ የላቸውም፤ ከቤተሰቡ ተጣልቶ የወጣ ልጅ ደግሞ መሸኛ ለማምጣት ተመልሶ መሄድን ይፈራል። ወረቀት የሌለውን ልጅ ደፍሮ የሚዋሰው የለም፤ ዋስ የሌለውንም የሚቀጥረውና ቤት የሚያከራየው አይገኝም፤ ዕቃ በጠፋ ቁጥር ግን መጀመሪያ የሚጠረጠረው እሱ ነው። እትዬ በደብተራቸው ላይ የልጁን ስም፣ የእናቱን ስም፣ ጎጡንና ደብሩን ይጽፋሉ፤ ደብሩን የሚጽፉት ክርስትና ያነሡት ቄስ ስለ ዕድሜው ሊመሰክሩ ስለሚችሉ ነው። ከዚያ ለገበያ የሚመጡ የአገሩን ሰዎች እያጠያየቁ መሸኛው እስኪመጣ ድረስ ይወተውታሉ። የእኔ ረዳት 18 ዓመት ሞልቶት ለመታወቂያ በሄደበት ጠዋት፣ ከጥፍሮቹ ሥር አልለቅ ያለውን የጫማ ቀለም እትዬ ራሳቸው በግማሽ ሎሚ እያሹ ሲያስለቅቁለት አይቻለሁ።

አሠሪውንም አይለቁም። የሥራ ቤቴን ሳያዩ ልጁን አልሰጡኝም። በሰርግ ወቅት ማታ ማታ እንዲያመሽልኝ ስጠይቃቸው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011ን አውጥተው አነበቡልኝ፦ ከ15 ዓመት በታች ያለ ልጅ አይቀጠርም፤ 18 ዓመት ያልሞላው ደግሞ በቀን ከ7 ሰዓት በላይ፣ በትርፍ ሰዓትም ሆነ ከምሽቱ 4 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት አይሠራም። በዚያን ጊዜ ቅር ብሎኝ ነበር፤ ዛሬ ግን ትክክል እንደነበሩ አምናለሁ። ደላላ ቢሆን ከልጁም ከእኔም ይቀበል ነበር፤ እሳቸው ከሁለታችንም ሳንቲም አልወሰዱም።

ጉድለት የለም ማለት አይደለም። በረንዳው ከቀኑ 11 ሰዓት በኋላ ስለሚዘጋ በማታ አውቶቡስ የሚወርድ ልጅ የሚቀበለው የለም፤ ያችን የመጀመሪያ ሌሊት ያወቀ ይህ ምን ያህል እንደሚያሳስብ ይረዳል። ለሴቶች ልጆች የተለየ ማደሪያ አለመኖሩ ከሁሉ የከበደ ነው፤ ከአሠሪ ቤት ሸሽታ ለመጣች ልጅ እትዬ የራሳቸውን አልጋ ለቀው መደብ ላይ ያድራሉ፤ ሁለተኛ ከመጣች ግን ቦታ የለም። በተጨማሪም ሁሉ ነገር በአንድ ደብተርና በአንድ ሰው ላይ የተንጠለጠለ ነው። እትዬ በታመሙባቸው ሦስት ሳምንታት የማንም ወረቀት አልተንቀሳቀሰም፤ የእኔ ረዳት መሸኛም በዚያው ቆየ። ጽሑፍ የሚችሉ ሁለት ወጣቶች ደብተሩን አብረዋቸው ቢይዙ ብዬ አጥብቄ ነግሬአቸዋለሁ።

ሠራተኛ ለመቅጠር የሚሄድ ሰው የራሱን መታወቂያና የንግድ ፈቃዱን ቅጂ ይያዝ፤ ከጠዋቱ 3 ሰዓት በፊትም ይድረስ፤ ከዚያ በኋላ እትዬን የሚያገኛቸው ቀበሌ ወረፋ ላይ ነው።