ፈረሴን የጎዳው ርካሽ መኖ

ባለጋሪዎች፣ ፈረስ ያላችሁ ሁሉ፣ እኔ የተበላሁትን እናንተ እንዳትበሉ ነው የምጽፈው።

ቢሾፍቱ ነው የምሠራው። ፉርሽካ ሲወደድ አንድ መኖ ሻጭ «ለከብትም ለፈረስም የሚሆን ቅልቅል አለኝ» አለኝ። ዋጋው የፉርሽካን ግማሽ አይሞላም። ጆንያው ላይ ምንም ጽሑፍ የለም፤ አፉም በእጅ የተሰፋ ነው። እዚያ ላይ መንቃት ነበረብኝ። አልነቃሁም፤ አንድ ኩንታል ጭኜ ወጣሁ።

ፈረሴ ዳማ አሽትቶ ተወው። እኔ ደግሞ «አመል አወጣ» ብዬ ከገብስ ጋር ለውሼ አበላሁት። እስካሁን የሚቆጨኝ ይቺ ናት። በማግስቱ ጠዋት ሥራ ሳይነካ ላብ አጠመቀው። ዞር እያለ ሆዱን ያያል፣ የኋላ እግሮቹ ይብረከረካሉ። ጎረቤቴ «አረቄ በአፍንጫው እንጋተው» አለ። እንኳንም እምቢ አልኩ፤ ሳንባው ቢገባ እሱ ራሱ ይገድለው ነበር። ፈረስ ደግሞ እንደ ውሻ አያስመልሰውም።

ሐኪሙ መጀመሪያ የጠየቀኝ ጆንያውን ነው። ዘገን አድርጎ አየና «ይሄ እኮ የዶሮ መኖ ነው» አለኝ። ዶሮን ኮክሲዲያ የሚባል የአንጀት በሽታ እንዳይዛት መኖዋ ውስጥ ሞነንሲን የሚባል መድኃኒት ይጨመራል። ዶሮን ለመግደል በኪሎ ክብደቷ 200 ሚሊግራም ያህል ያስፈልጋል። ለፈረስ 2 ወይም 3 ይበቃል። የሚመታው ልቡንና ጡንቻውን ነው። ማርከሻ የለውም። ሐኪም በቱቦ ከሰል ወይም ዘይት ሆዱ ድረስ ሊያስገባለት ይችላል፤ እሱም የሚረዳው በበላ በጥቂት ሰዓት ውስጥ ከተደረሰ ነው። እኔ ሌሊቱን ተኝቼ ነው ያሳለፍኩት።

ሻጩ ጋ ሄድኩ። «ዶሮዎቹ በልተውት ምንም አልሆኑም» አለኝ። እውነቱን ነው፣ ምን ይሆናሉ! ገንዘቤን ግን አልመለሰም።

ዳማ ቆሞ ይሄዳል። ልቡ ስለተጎዳ ጋሪ እንዳይጎትት ሐኪሙ ከልክሎኛል፤ ዳገት ላይ ድንገት ሊወድቅ ይችላል ብሎኛል።

እንዲህ ያለ ስም የለሽ ጆንያ ቤታችሁ ካለ ዛሬውኑ ከግርግሙ አንሱት። አህያም አይብላው። ፈረሱ ቀምሶት ከሆነ ደህና ቢመስልም አትጫኑት፣ አታስሩጡት፤ ሐኪም ጥሩ። መኖውን ደግሞ ሁሉንም አትድፉት፤ አንድ እፍኝ በፌስታል ለሐኪሙ አስቀምጡለት።