ለገሃር፣ ለቡ፣ ድሬዳዋ፦ የባቡር ጣቢያ ግምገማ ከአንድ የዲያስፖራ ተጓዥ

አገር ቤት ደርሶ የተመለሰ ሰው ብዙውን ጊዜ ስለ ሆቴልና ስለ ክትፎ ቤት ይጽፋል። እኔ የምጽፈው ስለ ባቡር ጣቢያ ነው። የምኖረው ፍራንክፈርት ነው፤ እዚያ ባቡር ሳልሳፈር የማልፈው ሳምንት የለም። ዘንድሮ ለእረፍት ስመጣ አዲስ አበባና ድሬዳዋ ያሉትን የድሮና የአሁን ጣቢያዎች ሆን ብዬ ዞርኳቸው። በመካከል ያለውንም መንገድ በባቡር ሄድኩ። ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በኛው አቆጣጠር ነው።

ከአዲስ አበባው ቀላል ባቡር ልጀምር፤ ቶሎ ያልቃል። መስከረም 2008 ነው ሥራ የጀመረው። ሁለት መስመር፣ 39 ጣቢያ፣ በድምሩ ወደ 34 ኪሎ ሜትር። ጣቢያዎቹ እንደ ሕንፃ ብዙ አያስወሩም፦ ኮንክሪት፣ ደረጃ፣ ከላይ ጥላ። ዋጋው ርካሽ ነው፤ ሰውም እንደዚያው ብዙ ነው። ሻንጣ ይዛችሁ አትሞክሩት። ባዶ እጅ ከሆናችሁ ግን ከስታዲየም እስከ ሜክሲኮ ያለውን ተሳፈሩ። መስመሩ እዚያ ድልድይ ላይ ወጥቶ ይሄዳል፤ የድሮውንም የለገሃር ባቡር ጣቢያ ከፊት ለፊቱ ያልፈዋል።

ለገሃር ላይ ግን ረጋ ልበል። ሕንፃው የተመረቀው ኅዳር 1922 ነው። ባቡሩ ራሱ አዲስ አበባ የገባው በ1909 ስለሆነ፣ ከተማዋ ደህና ጣቢያ እስክታገኝ ከአስር ዓመት በላይ ጠብቃለች። መካከሉ ከፍ ያለ፣ ግራና ቀኙ የተመጣጠነ፣ ፈረንሳይ ውስጥ አንድ መለስተኛ ከተማ ላይ ብታዩት የማይገርማችሁ ዓይነት ቤት ነው። በልጅነቴ ግዙፍ ይመስለኝ ነበር። አሁን በዙሪያው ከበቀሉት ፎቆች ጋር ሳየው ትንሽ ነው።

ትልቅ ያደረገው አቀማመጡ ነው። ቸርችል ጎዳና ቁልቁል ወርዶ የሚያርፈው እሱ ፊት ነው። በኋላ ማዘጋጃ ቤቱ ከላይ ሲሠራ መንገዱ ሁለት ጫፍ አገኘ፤ ሽቅብ ብታዩ ማዘጋጃ ቤት፣ ቁልቁል ብታዩ ባቡር ጣቢያ። ከጅቡቲ የመጣ መንገደኛ ከበሩ ሲወጣ ከተማው ውስጥ ነው። ታክሲ ፍለጋ፣ ሜዳ ማቋረጥ የለም። ይህን ነገር ያዙልኝ፤ ለቡ ስንደርስ እመለስበታለሁ።

ከጣቢያው ፊት የቆመው የይሁዳ አንበሳ ሐውልት የራሱ ጉዞ አለው። የተተከለው ለቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘውድ በዓል፣ በ1923 መግቢያ ነው። ጣሊያን አገሩን ሲይዝ ነቅሎ ወደ ሮም ወሰደው። እዚያም ያቆመው ከቴርሚኒ ባቡር ጣቢያ አቅራቢያ፣ በዶጋሊ ጦርነት ለሞቱት ወታደሮቹ መታሰቢያ ከተሠራው ሐውልት አጠገብ ነበር። ከጣቢያ ነቅሎ ጣቢያ አጠገብ! ዘርዓይ ደረስ በ1930 ሮም ላይ ስሙን ያስጠራው ከዚሁ ሐውልት ጋር በተያያዘ ነው። አንበሳው ከጦርነቱ በኋላ ብዙ ቆይቶ ወደ ቦታው ተመለሰ። ደርግ ሲመጣ ደግሞ ሌላ የመነቀል አደጋ ገጥሞት እሱንም አለፈ። ንጉሡም ቢሆኑ ሚያዝያ 24 ቀን 1928 ከአዲስ አበባ ተነስተው ወደ ስደት የሄዱት በዚሁ የጅቡቲ መስመር ነው።

ዛሬ ለገሃር ባቡር የለም። በ2011 የአቡ ዳቢው ኢግል ሂልስ አካባቢውን ወደ 36 ሄክታር በሚሆን መሬት ላይ እንደሚያለማ ሲነገር፣ የድሮው ጣቢያ በቅርስነት እንደሚቆይም አብሮ ተነግሯል። ጥበቃውን ፎቶ ማንሳት ይቻል እንደሆነ ጠየቅኩት። «ከውጭ አንሳ፣ ምን ችግር አለው» አለኝ። ከውጭም ቢሆን መሄዱ ያዋጣል። ጠዋት ሂዱ፤ ቆይቶ የታክሲና የሰልፍ ግርግር ሐውልቱን ይውጠዋል።

አሁን ለቡ፣ ከከተማው ዳር ያለው አዲሱ ጣቢያ። አዲሱ የአዲስ አበባ ጅቡቲ መስመር የተመረቀው እዚህ ነው፤ መስከረም 25 ቀን 2009። መደበኛ አገልግሎት የጀመረው ግን በ2010 ነው። ከ750 ኪሎ ሜትር በላይ ነው፤ በኤሌክትሪክ ይሠራል፤ የገነቡት የቻይና ኩባንያዎች ናቸው፤ ገንዘቡም አብዛኛው ከቻይናው ኤግዚም ባንክ የተገኘ ብድር ነው። ጣቢያው ሰፊ ነው። ከፊቱ ያለው ሜዳም ሰፊ ነው። አዳራሹ ከፍ ያለና ብርሃን የሞላበት ነው። ለገሃር ሁለት ሦስት ጊዜ ይገባበታል ብል ያጋነንኩ አይመስለኝም።

ችግሩ መድረሱ ነው። ፒያሳ ወይም ቦሌ ያረፈ ሰው ባቡሩ ላይ ከመውጣቱ በፊት አንድ ሌላ ጉዞ አለበት። ይህ ስንፍና ብቻ አይደለም፤ ምክንያት አለው። የድሮው ሀዲድ ስፋት 1 ሜትር ነበር፤ ጠባብ ስለሆነ በትንሽ ቦታ ይታጠፋል፤ ከተማ መሃል መግባት አይከብደውም። የአዲሱ 1.435 ሜትር ነው፤ በሰዓት እስከ 120 ኪሎ ሜትር እንዲሮጥ ስለታሰበ ሰፋ ያለ መታጠፊያ ይፈልጋል። ያንን ዓይነት መሬት ከተማ መሃል ማግኘት ስንት ሰፈር ማፍረስ እንደሆነ አስቡት።

ነገሩን ለማመዛዘን አንድ ልጨምር። የእኔው የፍራንክፈርት ዋና ጣቢያ በ1880 ሲከፈት ከከተማው ጠርዝ ላይ ነበር። ከተማው ነው ተንፏቆ የደረሰበት። ለቡም ቢሆን ዙሪያው በኮንዶሚኒየም እየተከበበ ነው። ልዩነቱ ፍራንክፈርት ላይ ትራሙ አብሮ መምጣቱ ነው። ቀላል ባቡሩ ለቡ አይደርስም። ሁለት የባቡር መስመር ያላት ከተማ ሁለቱን አላገናኘችም፤ ይህ ለእኔ ከሁሉም የከፋው ጉድለት ነው።

ትኬትን በተመለከተ፣ ራሳችሁ ቁረጡ። እኔ ከውጭ ሆኜ ለአንድ የጉዞ ወኪል ገንዘብ ላክሁ። ትኬት፣ ሆቴል፣ አዋሽ ላይ ጉብኝት፣ ሁሉንም ቃል ገባልኝ። ስደርስ ትኬቱ አልተቆረጠም፣ ስልኩም አይነሳም። መጨረሻ ላይ የአክስቴ ልጅ ሄዶ በአካል ቆረጠልኝ። የመንገደኛ ባቡር በየቀኑ ላይኖር ስለሚችል ቀኑን አስቀድማችሁ አጣሩ። ፍተሻ ስላለ ቀደም ብላችሁ ድረሱ፤ ምግብም ያዙ። እኔ ዳቦና እንቁላል ይዤ ነበር፤ ጎረቤቴ የተቀመጡት እናት ደግሞ ሙሉ ገበታ ዘረጉ፣ «ብላ እንጂ ልጄ» ብለው እምቢ አላስባሉኝም።

ጉዞው ራሱ ደስ ይላል። ሞጆ፣ አዳማ፣ አዋሽ፣ ሚኤሶ። ፉርጎው ንጹህ ነበር። ጠዋት ተነስተን ከሰዓት በኋላ ደረስን። በድሮው ባቡር መጀመሪያ አካባቢ ይሄ ሕልም ነው። ያኔ ማታ ማታ አይሄድም ነበር። ከጅቡቲ የተነሳ መንገደኛ አንድ ሌሊት ድሬዳዋ፣ አንድ ሌሊት አዋሽ ያድራል፤ በሦስተኛው ቀን አዲስ አበባ ይገባል። አዋሽ ጣቢያው አጠገብ ያለው ቡፌ ደ አዋሽ የተባለው ሆቴል የዚያ ዘመን ልጅ ነው። በአዲሱ ባቡር ስታልፉ ግን አይታያችሁም፤ በመኪና ለሚሄድ ሰው ምሳ መብያ አድርጎ ቢያስበው መልካም ነው።

ድሬዳዋ አዲሱ ጣቢያም ያው ነው፦ ያማረ ሕንፃ፣ ከከተማው ወደ 10 ኪሎ ሜትር ርቆ ሜዳ ላይ። ፀሐዩ ያቃጥላል። በር ላይ ሚኒባስ አለ፤ ከሌሎች ጋር ተጋርቼ ገባሁ። ሹፌሩ የጠየቀኝ ዋጋ አጠገቤ የነበረው የድሬ ልጅ ከከፈለው ጋር እኩል ነበር። አምስት ኮከብ።

የድሮው ድሬዳዋ ጣቢያ ግን ሌላ ነገር ነው። ይህ ጣቢያ ከተማ ውስጥ የተሠራ አይደለም፤ ከተማው ነው ጣቢያው ላይ የተሠራው። አፄ ምኒልክ በ1886 ለስዊሱ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ ፈቃድ ሲሰጡ ባቡሩ ወደ ሐረር እንዲሄድ ነበር የታሰበው። ሐረር ያለችው ወደ 1,850 ሜትር ከፍታ ላይ ነው። ያንን ተራራ መውጣት ወጪው አልተቻለም። ስለዚህ ሀዲዱ ከታች፣ ወደ 1,200 ሜትር አካባቢ ባለው ሜዳ አለፈ። ባቡሩ በ1895 ከጅቡቲ 310 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ እዚያ ሲደርስ ገንዘቡ አለቀ። ኩባንያው ከሰረ። መንግሥታቱም፣ እንግሊዝ፣ ፈረንሳይና ጣሊያን፣ በመስመሩ ላይ ተናቆሩ። ሥራው ለዓመታት ቆመ። ድሬዳዋ የመጨረሻ ጣቢያ ሆና ቀረች፤ በዚያው ነጋዴው፣ ጉምሩኩና የባቡር መጠገኛው ጋራዥ ሰፈረባት። ከዚራ የተባለውን ሰፈር በእግር ዙሩት። ቀጥ ያሉ መንገዶች፣ ዛፍ፣ በረንዳ ያላቸው ቤቶች፤ ሁሉም በጣቢያው ዙሪያ ነው። ከደቻቱ ወንዝ ማዶ ያለችው የመጋላ ሰፈር የራሷ ሌላ ዓለም ናት።

ጋራዡን ሳታዩ አትመለሱ። በር ላይ ትጠይቃላችሁ፤ መግቢያ ከፍላችሁ አንድ ሰው ይዟችሁ ይገባል። የኔ አስጎብኚ በጡረታ የወጡ የምድር ባቡር ሠራተኛ ነበሩ። ውስጡ የማሽን ከተማ ነው፦ ቶርኖ፣ መዶሻ፣ ምድጃ፣ ጎማው የወለቀ ሎኮሞቲቭ። ቡሎን እንኳ ከአውሮፓ አዝዞ መጠበቅ ወራት ስለሚፈጅ እዚሁ ይቀረጽ ነበር።

«ጋሼ፣ ይሄ አሁንም ይሠራል?» አልኳቸው ወደ አንድ አሮጌ ቶርኖ እያሳየሁ።

«መብራት ካለ ለምን አይሠራም? አቦ፣ ዘይቱን እየው፣ ትናንት ነው የቀባሁት።»

ጡረታ ወጥተው ማሽን ዘይት ይቀባሉ። የትኛውም ሙዚየም እንዲህ ያለ አስጎብኚ አልሰጠኝም። ለአዲስ አበባ ለገሃር የምመኝለትም ይሄንን ነው፤ ቀለም የተቀባ ግድግዳ ብቻ ሳይሆን ነገሩን በእጁ የሚያውቅ ሰው ውስጡ ቢቀመጥ።

ነጥብ ስጥ ከተባልኩ፦ ቀላል ባቡር 2 ከ5፤ ለገሃር ለአቀማመጡ 5፤ ለቡ ለሕንፃው 4፣ ለመድረሻው 1፤ ባቡሩ 4፤ የድሬ ጋራዥ 5 ከነምርቃቱ። ወደ ጋራዡ ስትሄዱ ሙቀቱ ሳይበረታ በጠዋት ግቡ፣ ዝርዝር ብር ያዙ፣ ነጭ ጫማ አታድርጉ። ከዚያ ወጥታችሁ ከዚራ ዛፍ ጥላ ሥር ቡና ጠጡ፤ ካልቸኮላችሁ አስጎብኚውንም ጋብዟቸው።