ከመናኸሪያ «የልጆች የጉዞ ፓኬጅ» እንዳትገዙ

ልጅ ይዛችሁ ከጅማ ወደ አዲስ አበባ በአውቶብስ የምትሄዱ ሁሉ፣ ይህን ሳታነቡ እንዳትወጡ። እኔ 840 ብር ከፍዬ የተማርኩትን እናንተ በነጻ ውሰዱት።

ጥር ላይ ነው። የትምህርት ቤት እረፍት ሲሆን ሁለቱን ልጆቼን ይዤ አዲስ አበባ እናቴ ጋ ልሄድ ተነሳሁ። ትልቁ ሰባት ዓመቱ ነው፣ ትንሿ ሦስት። ጉዞው ቅዳሜ ነበር። ሐሙስ ሂርማታ ገበያ ሄጃለሁ፤ ሽንኩርትና ቲማቲም ገዝቼ ስመለስ የሙዙን ሴትዮ አልፌያት ሄድኩ። «ለመንገድ አትይዢም?» ብላኛለች። «መናኸሪያ መች ይጠፋል!» አልኳት። አፌን በቆረጠው።

መኪናው 12 ሰዓት ይወጣል ስለተባለ 11 ሰዓት ላይ መናኸሪያ ደረስን። ገና ጨለማ ነው። ትንሿን አዝያታለሁ፣ ትልቁ ቀሚሴን ይዞ ቆሞ ይተኛል። አጠገባችን ካሉት ሱቆች አንዱ በር ላይ አምፖል በርቷል፤ ከአምፖሉ ሥር በቀይ ሪባን የታሰሩ፣ የሚያብረቀርቁ ላስቲኮች ተንጠልጥለዋል። እያንዳንዱ ላይ የድብ ስዕል ተለጥፎበታል። «የልጆች የጉዞ ፓኬጅ» ይላል በእጅ የተጻፈው ካርቶን። ዋጋው 420 ብር።

ትልቁ ልጄ እንቅልፉ በአንድ ጊዜ ለቀቀው።

ሱቅ ውስጥ ያለው ወጣት አፉ ማር ነው። «እህቴ፣ ሁሉም አለበት። ጁስ፣ ኬክ፣ ብስኩት፣ ቺፕስ፣ ከረሜላ። መኪናው ወልቂጤ ሳይደርስ አይቆምም፤ በኋላ ልጆቹ ሲያለቅሱ ምን ትሰጫቸዋለሽ?» ረዳቱ ደግሞ ከኋላዬ «ግቡ፣ ግቡ፣ ልንወጣ ነው!» ይላል። ሁለት ገዛሁ። ደረሰኝ አልጠየቅኩም። ላስቲኩን ከፍቼም አላየሁም። ልብ በሉ፣ መኪናው የወጣው ከዚያ በኋላ 40 ደቂቃ ቆይቶ ነው።

ሰርቦን እንዳለፍን ነጋ። ልጆቹም ላስቲካቸውን ፈቱ። አሁን በብርሃን ያየሁትን ልንገራችሁ።

ጁሱ አብጧል። ካርቶኑ ጎንና ጎኑ እንደ ትራስ ተነፍቷል። እኔ «ቆይ» ከማለቴ ትልቁ ስትሮውን ሰካበት፣ ተፈናጥሮ አጠገባችን የተቀመጡ እማማ ነጭ ነጠላ ላይ አረፈ። ሽታው ጠላ ጠላ ይላል። የካርቶን ጁስ ካበጠ ውስጡ እየፈላ ነው ማለት ነው፤ አይቀመስም፣ ይጣላል።

ኬኩ ከላይ ሲታይ ምንም አይልም። ከታች ያለውን ወረቀት ስልጠው አረንጓዴ ሻጋታ። ነጥብ ነጥብ ብሎ፣ ልክ እንደ ሽፍታ።

ብስኩቱ ላይ ደግሞ ያ የድብ ስዕል ተለጥፏል። ለጌጥ መስሎኝ ነበር። በጥፍሬ ስፍቀው ከሥሩ ቀኑ ወጣ፦ 10/08/2025። እኛ የሄድነው ጥር 2018 ነው። በፈረንጆቹ ጥር 2026 መሆኑ ነው። ቀኑን በፈለጋችሁት በኩል አንብቡት፣ ነሐሴ በሉት ጥቅምት፣ አልፎበታል።

እዚህ ላይ ቆም ልበል፣ ምክንያቱም ብዙዎቻችንን የሚሸውደን ይሄ ነው። ከሳምንት በኋላ ስመለስ ባዶውን የብስኩት ላስቲክ ይዤ ሱቁ ሄድኩ። ወጣቱ አላፈረም። «2025 ነው እኮ የሚለው፣ እኛ ገና 2018 ላይ ነን። ሰባት ዓመት ይቀረዋል!» አለኝ። ሳቄ መጣ፣ ንዴቴም መጣ። ከኋላዬ ዘይት ሊገዙ የቆሙ አባት ግን «እውነቱን ነው» ብለው ራሳቸውን ነቀነቁ።

እውነቱን አይደለም። አብዛኛው የታሸገ ነገር ላይ፣ በተለይ ከውጭ የገባው ላይ፣ ቀኑ የሚጻፈው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው። ሒሳቡ ቀላል ነው። ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ ሦስተኛ ሳምንት አካባቢ በእኛ ዓመት ላይ 7 ደምሩ። የፈረንጆች አዲስ ዓመት ከገባ በኋላ እስከ ጳጉሜን ድረስ 8 ደምሩ። ጥር 2018 ላይ 8 ሲደመር 2026። በቃ። ስልካችሁ ላይም የፈረንጆቹ ቀን አለ፣ አጠገቡ አድርጋችሁ አስተያዩት።

ወደ መንገዱ ልመለስ። ጁሱንና ኬኩን ጣልኩ። ብስኩቱንም ቀማኋቸው፤ ትልቁ ግን ግማሹን ጨርሶታል። የቀረው ቺፕስና ከረሜላ ነው። ልጅ ስታለቅስ ምን ይደረጋል? ቺፕሱን ሰጠሁ። ጨውና ዘይት በባዶ ሆድ፣ ያውም በዚያ ጠመዝማዛ መንገድ።

ከሶኮሩ በኋላ ቁልቁለቱን የምታውቁ ታውቁታላችሁ። ጅማ 1,700 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ናት፣ ጊቤ በረሃ ግን ብዙ መቶ ሜትር ዝቅ ይላል። መኪናው በወረደ ቁጥር ሙቀቱ ይወጣል። መስኮት ልክፈት ብትሉ «ዝጉት፣ ንፋስ ይመታናል!» የሚል ከኋላ አይጠፋም። (በሰላሳ ዲግሪ ሙቀት ጋቢ ለብሶ ንፋስ የሚፈራ ሕዝብ እኛ ብቻ ሳንሆን አንቀርም።) ትንሿ መጀመሪያ ዝም አለች። ቀጥሎ ፊቷ ነጣ። ረዳቱ ፌስታል እስኪያቀብለኝ አልጠበቀችም።

ያዳኑን እማማ ናቸው። ነጠላቸው ላይ ጁስ የረጨንባቸው ሴትዮ። ምንም ቅር ሳይላቸው ከዘንቢላቸው ሎሚ አወጡ፣ በጥፍራቸው ጫር አድርገው አፍንጫዋ ሥር ያዙላት። ውኃ ጠብ ጠብ እያደረግኩ ሰጠኋት። ትንሽ ሲሻላት ደረቅ ድፎ ዳቦ ቆርሰው «ይቺን ቀስ ብላ ታላምጥ» አሉኝ። ዳቦው ሆዷ ውስጥ ረጋ። 840 ብር ያወጣሁበት ያላደረገውን የእማማ ቁራሽ ዳቦ አደረገው።

ቤት ስመለስ ላስቲኩ ውስጥ የነበረውን አንድ በአንድ ሰፈር ሱቅ ጠየቅኩ። ብስኩት 40፣ ጁስ 60፣ ቺፕስ 30፣ ኬክ 45፣ ከረሜላ 10። ድምሩ 185 ብር፣ ያውም ጊዜው ያላለፈበት። ቀሪው 235 ብር የሪባንና የድብ ነው።

ገንዘቤን ግን አላስመለስኩም። «ከዚህ ለመግዛትሽ ምን ማስረጃ አለሽ?» አለኝ ያ የሱቁ ወጣት። ደረሰኝ የለኝም። የሸማቾች ጥበቃ አዋጁ፣ 813/2006፣ ነጋዴ ደረሰኝ እንዲሰጥና ዋጋ እንዲለጥፍ ያስገድዳል። ጊዜው ያለፈበት ዕቃ መሸጥንም ይከለክላል። ሕጉ ከእኔ ጋር ነበር፣ ወረቀቱ ግን አልነበረም። ስለዚህ ለ20 ብር ዕቃም ቢሆን ደረሰኝ በሉ። ይሉኝታ ይቅር። ጊዜው ያለፈበት ምግብ ካያችሁ የከተማው ንግድ ጽሕፈት ቤት አለ፤ የኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣንም በ8482 ነጻ የስልክ መስመር ጥቆማ ይቀበላል።

እና ምን እንያዝ ለምትሉ፣ በመልሱ ጉዞ እናቴ ያስያዘችኝን ልንገራችሁ። እናቴ ስድስት ልጅ በአውቶብስ ያመላለሰች ሴት ናት።

ዋናው ደረቅ ዳቦ ነው። ድፎም ይሁን አምባሻ፣ ከዋዜማው የተጋገረና በደንብ የቀዘቀዘ። ትኩሱን በላስቲክ ካሰራችሁት ያልበዋል፣ ቶሎም ይሻግታል። በንጹሕ ጨርቅ ጠቅልሉት። ሙዝ ሁለተኛው ነው፤ የራሱ ልጣጭ አለውና እጅ ባይታጠብም ይበላል። ግን ከዕቃ ሥር እንዳትከቱት፣ ጊቤ ሲደርስ ገንፎ ሆኖ ታገኙታላችሁ። ገና ጠንከር ያለውን መርጣችሁ በክዳን ዕቃ ያዙት። ብርቱካንም ጥሩ ነው፣ ልጣጩን ለማሽተትም ይሆናል። የተቀቀለ ድንችና ካሮት ልጆቼ ይወዳሉ፣ እሱን ግን ከጅማ ስንነሳ ገና ሰርቦ ሳንደርስ እንጨርሰዋለን።

ለምን ብትሉ፣ የበሰለ ነገር ከፍሪጅ ውጪ ከሁለት ሰዓት በላይ ማቆየት ጥሩ አይደለም። ሙቀቱ ከ32 ዲግሪ ካለፈ ደግሞ አንድ ሰዓት ነው ልኩ። እንቁላልም እዚሁ ውስጥ ነው። አምና ማታ የቀቀልኩትን እንቁላል ወልቂጤ ላይ ምሳ ብዬ አብልቻቸው ነበር፤ ምንም አልሆኑም፣ እግዜር ጠብቆኝ ነው። አሁን እንቁላሉን ቤት በልተው ይወጣሉ። ከመነሳት አንድ ሰዓት ቀደም ብሎ፣ ቀለል አድርጎ። ፍርፍርና ቅቤ የበዛበት ነገር ግን ለጠዋት ጉዞ አይሆንም። ጭኮ እወዳለሁ፣ የጅማ ልጅ ነኝና፤ ሆኖም ጭኮ በልታ ቁልቁለት የወረደች ልጅ ምን እንደምትሆን አይቻለሁ።

ቆሎ ላይ እንከራከር ይሆናል። ያለ ቆሎ ምን መንገድ አለ? ለትልልቆቹ ይሁን። ከአራት፣ አምስት ዓመት በታች ላለ ልጅ ግን ቆሎ፣ ለውዝና ደረቅ ከረሜላ በሚንገጫገጭ መኪና ውስጥ አትስጡ። መኪናው ጉድጓድ ሲመታ ትን ይላል፣ ጉሮሮ ላይ ይቀረቀራል። እዚያ ፓኬጅ ውስጥ ያለችው ክብ ከረሜላ ለሦስት ዓመት ልጅ መሸጧ ራሱ ያስቆጣኛል። ዳቦ ቆሎም ጠንካራ ከሆነ ያው ነው።

ማርም አለ። የጅማን ማር ለዘመድ ሳይዝ የሚሄድ የለም። በመልሱ ጉዞ ከኋላችን የተቀመጠች ወጣት እናት ለሰባት ወር ልጇ «ዝም ይበልልኝ» ብላ በጣቷ ልታልሰው ስትል ደረስኩባት። ዓመት ላልሞላው ሕፃን ማር፣ ንጹሕ የሚባለውም ቢሆን፣ አይሰጥም። ማር ውስጥ ሊገኝ የሚችል ጀርም ለጨቅላ አንጀት አደገኛ ነው። ለዚያ ዕድሜ ጡት ካለ ከጡት የሚበልጥ የመንገድ ስንቅ የለም።

ውኃ ከቤት ያዙ። መናኸሪያ የምትገዙ ከሆነ የሃይላንዱን ክዳን ራሳችሁ ክፈቱ፤ «ጠቅ» ብሎ ካልተሰነጠቀ መልሱት። ጁስ ከተባለም ጀርባውን አንብቡ። ዝርዝሩ ላይ ቀድሞ የሚጻፈው ብዛት ያለው ነው። ውኃና ስኳር ቀድመው ፍሬው መጨረሻ ላይ ከመጣ፣ ወይም ስሙ ጭራሽ ከሌለ፣ የብርቱካን ስዕል ነው የገዛችሁት። ልጅ ደጋግሞ ካስመለሰው የሚያስፈልገው ኦ አር ኤስ (በውኃ የሚበጠበጥ የስኳርና የጨው ዱቄት) ነው። አንዱን ከረጢት በአንድ ሊትር ንጹሕ ውኃ በጥብጡ፣ በትንሽ በትንሹ ስጡ፣ ከ24 ሰዓት በኋላ የተረፈውን ድፉት። ከፋርማሲ አንድ ሁለት ከረጢት ገዝታችሁ ቦርሳ ውስጥ ጣል አድርጉ።

ፌስታል፣ ሶፍት፣ አንድ ሎሚ፣ አንድ ቅያሪ ልብስ። ይሄን ከላይ አድርጉት፣ ከሻንጣ ሥር አይደለም።

የመልሱ ጉዞ ስንቅ በሙሉ ስንት እንደፈጀ ገምቱ። ዳቦው የእናቴ ነው፣ እሱን አልቆጥርም። ለሙዝና ለብርቱካን 150 ብር አወጣሁ። ጊቤን ስንወርድ ትንሿ ተኝታ ነበር፣ ትልቁ የብርቱካን ልጣጭ አፍንጫው ላይ ይዞ ድልድዩን ያያል።

ባለፈው እሁድ እንግዳ ልሸኝ ጎሕ ሳይቀድ መናኸሪያ ሄድኩ። ሱቁ ክፍት ነው፣ አምፖሉ በርቷል፣ ላስቲኮቹ እንደተሰቀሉ ናቸው። ሪባኑ አሁንም ቀይ ነው። ዋጋው ግን 450 ገብቷል።