መድረክ ወይስ ካሜራ?

የሚያስቅ ምትሃተኛ መሆን ይሻላል ወይስ የደጋፊ ገጸ ባህሪ ተዋናይ? አሜሪካዊው ካርል ባለንታይን (እ.ኤ.አ. 1917–2009) በሁለቱም እንጀራ በልቷል።

መድረክ፦ ረጅም ባርኔጣ ደፍቶ፣ ኮት ለብሶ ይወጣል፤ ምትሃቱ አንድ በአንድ ይከሽፍበታል። ሳቁ ከዚያ ነው። አለቃ የለም፣ ቀልዱም የራስ ነው። ግን አውቆ መክሸፍ ከመሳካት ይከብዳል፤ ቀልዱ ትንሽ ከዘገየ የምር ከሸፈ ማለት ነው፣ መደበቂያም የለም።

ካሜራ፦ ከ1962 እስከ 1966 «ማክሄልስ ኔቪ» በተባለው የቴሌቪዥን ተከታታይ ላይ ግሩበር የሚባለውን መላ የማያጣ መርከበኛ ተጫወተ። ደመወዝ አለው፤ የተበላሸው ይደገማል። ሚናውን የሚሰጥህ ግን ሌላ ሰው ነው።

የቤት ኪራይ ካስጨነቀህ ካሜራው፤ ትእዛዝ ካልወደድክ መድረኩ። እኔ? ልቤ ወደ መድረኩ ያደላል።