የጃፓን የመንግስት ትምህርት ቤት፦ ሁለት ልጅ አስገብቼ ያየሁት (በተለይ ልጃቸው መጋቢት ላይ ለተወለደ)

ሰላም ናችሁ። ልጅ ይዘው ወደ ጃፓን የሚመጡ ሀበሾች ሁሌ የሚጠይቁኝ አንድ ጥያቄ አለ፣ «ልጄን ስንተኛ ክፍል ያስገቡልኛል?»። በስልክ በሁለት ቃል የሚመለስ ስላልሆነ እዚህ ሰፋ አርጌ ልጻፈው። እኛ ያለነው ቶኪዮ ነው፣ ሀበሻ የሚበዛበት ካትሱሺካ ሳይሆን ከዛ ራቅ ያለ ሰፈር፣ ስለዚህ እኔ ስጀምር የምጠይቀው ሰው አልነበረኝም። ትንሹ ልጄ እዚሁ ነው የተወለደው፣ አሁን ሾጋኮ (የመጀመሪያ ደረጃ) 3ኛ ነው። ትልቋ ደሞ 13 ዓመቷ ላይ ከአዲስ አበባ መጥታ አሁን ቹጋኮ (መካከለኛ ደረጃ) 3ኛ ናት። ሁለቱም የሚማሩት መንግስት ትምህርት ቤት ነው። ከ5 ኮከብ 4 እሰጣለሁ፣ አንዷ ለምን እንደጎደለች ስታነቡ ታገኙታላችሁ።

አደረጃጀቱ ከጦርነቱ በኋላ ከ1947 (በፈረንጅ አቆጣጠር) ጀምሮ 6-3-3-4 ነው። ሾጋኮ 6 ዓመት ነው፣ ከ6 ዓመት ተጀምሮ 12 ላይ ያልቃል። ቹጋኮ 3 ዓመት፣ እስከ 15። ኮኮ (ሁለተኛ ደረጃ) ደሞ 3 ዓመት፣ እስከ 18፣ ከዛ ዩኒቨርስቲ 4። ግዴታ የሚባለው ሾጋኮና ቹጋኮ ነው፣ 9 ዓመት ማለት ነው፣ ክፍያ የለውም፣ መፅሐፉም በነፃ ነው። ከሾጋኮ በፊት ያለው እንደምርጫችሁ ነው፣ ዮቺኤን የሚባለው ከ3 ዓመት ጀምሮ የሚቀበል መዋእለ ህፃናት ነው፣ ሆይኩኤን ደሞ ለሚሰሩ ወላጆች ከጨቅላነቱ ጀምሮ ይይዝላችኋል። ከ2019 ኦክቶበር ወዲህ ከ3 እስከ 5 ዓመት ላሉ ልጆች የዋናው ክፍያ ቀርቷል፣ የምግብና የአውቶብስ ግን ትከፍላላችሁ።

የክፍል ቁጥሩ እንደኛ እስከ 12 አይሄድም። ሾጋኮ ከ1 እስከ 6፣ ቹጋኮ ሲገቡ እንደገና ከ1፣ ኮኮም እንደገና ከ1። ልጄ መጥታ የገባች ቀን እማዬ ደውላ «ስንተኛ አስገቧት?» ስትለኝ እኔ ሳላስበው «አንደኛ» አልኳት። ዝም አለች። ከዛ «ሰባተኛ የጀመረችውን ልጅ? ኧረ በማርያም፣ ምን አጠፋች ብለው ነው?» ብላ ልታለቅስ ደረሰች፣ የቹጋኮ አንደኛ የኛ ሰባተኛ ማለት እንደሆነ ሳስረዳት ሩብ ሰዓት ፈጀብኝ። ዶክመንት ስታስተረጉሙም ይሄን ልብ በሉ፣ የትኛው ደረጃ አንደኛ እንደሆነ ካልተፃፈ አገር ቤት ያለ ሰው በጣም ነው የሚሳሳተው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። እዚህ አገር ልጅ የሚመደበው በሚያውቀው አይደለም፣ በተወለደበት ቀን ነው። የትምህርት ዘመኑ አፕሪል 1 ተጀምሮ ማርች 31 ያልቃል፣ አንድ ክፍል የሚገቡት ደሞ ከአፕሪል 2 እስከ በቀጣዩ ዓመት አፕሪል 1 ድረስ የተወለዱ ናቸው። አፕሪል 1 የተወለደ ለምን ከበፊቶቹ ጋር ይቆጠራል ካላችሁ፣ በ1902 የወጣ የእድሜ አቆጣጠር ህግ አላቸው፣ በሱ መሰረት ሰው እድሜው የሚሞላው ከልደቱ በፊት ባለው ቀን ማብቂያ ላይ ነው፣ ስለዚህ አፕሪል 1 የተወለደ ልጅ ማርች 31 ላይ 6 ሞላው ይባልና በማግስቱ ተማሪ ይሆናል። በኛ አቆጣጠር ድንበሩ መጋቢት 23 እና 24 ላይ ነው። የኔ ልጅ የተወለደው መጋቢት 23 ቀን 2009 ነው!! ሆስፒታል አጠገቤ አልጋ ላይ የነበረችው ጃፓናዊት በማግስቱ ጠዋት ወለደች፣ እስካሁን እንገናኛለን፣ የሷ ልጅ ከኔ ልጅ አንድ ክፍል በታች ነው። በአንድ ሌሊት አንድ ዓመት። እንደዚህ ከጃንዋሪ እስከ አፕሪል 1 የተወለዱትን ሃያኡማሬ ይሏቸዋል፣ ቀድመው የተወለዱ እንደማለት ነው፣ ከክፍላቸው ግን ታናሾቹ እነሱ ናቸው።

ስለዚህ ልጄ ስድስት ዓመት በሞላው በሳምንቱ ራንዶሴሩ ተሸክሞ ገባ። ራንዶሴሩ ማለት 6ቱን ዓመት ሙሉ የሚይዙት ጠንካራ የጀርባ ቦርሳ ነው፣ አዲሱ ብዙ ጊዜ ከ50 ሺህ የን በላይ ነው፣ እኛ ልጇ ከጨረሰ ጎረቤታችን ነው የወሰድነው፣ ምንም አላነሰውም። የዛን ቀን ከኋላው ሳየው ቦርሳው ሁለት እግር አውጥቶ የሚሄድ ነበር የሚመስለው፣ አንጀቴን ነው የበላው። ክፍሉ ውስጥ ሰባት ዓመት የሞላት ልጅ አለች፣ ጫማዋን ራሷ ታስራለች፣ ስሟን ትፅፋለች፣ የኔው ደሞ ገና የኮቱን ቁልፍ መቆለፍ እየተማረ ነው። የመጀመሪያው ዓመት በጣም ከብዶት ነበር፣ ዋሽቼ አልነግራችሁም፣ ምሳውን ሁሌ መጨረሻ የሚጨርሰው እሱ ነበር፣ ማታ «እኔ ለምን ቀርፋፋ ሆንኩ?» ብሎ ጠየቀኝ። አስተማሪዋን ሄጄ ሳናግራት ምን አደረገች መሰላችሁ፣ የክፍሉን የልደት ዝርዝር አውጥታ አሳየችኝ፣ ስሙ መጨረሻ ላይ ነው፣ «ልጅዎ ቀርፋፋ አይደለም፣ ከሌሎቹ ያነሰ ቀን ነው የኖረው» አለችኝ። ያቺን ሴትዮ እግዜር ይስጥልኝ፣ ያንን ዓመት የተሻገርነው በሷ ነው።

ክፍል መድገም የሚባል ነገር በተግባር የለም፣ መዝለልም የለም፣ ሁሉም ከእኩዮቹ ጋር አብሮ ያልፋል። እኛ ጋ አንድ ክፍል ውስጥ የ9 ዓመትና የ13 ዓመት ልጅ አብረው ሊቀመጡ ይችላሉ፣ የደገመ ልጅም ስሙ «ደጋሚው» ሆኖ ይቀራል፣ እኔ ራሴ አራተኛን የደገመ ወንድም አለኝ፣ እስካሁን ሲነሳበት ፊቱ ይለዋወጣል። እዚህ ማንም ልጅ እንደዛ አይሸማቀቅም፣ ይሄን በጣም ወድጄዋለሁ፣ ከአራቱ ኮከብ ሁለቱ ለዚህ ብቻ ናቸው።

ግን ይሄው ነገር ለትልቋ ልጄ ሌላ ፊት ነበረው። አንድም የጃፓንኛ ፊደል ሳታውቅ እድሜዋ ስለሆነ ብቻ ቹጋኮ አንደኛ ተመደበች፣ የ50 ደቂቃ ክፍለ ጊዜ በቀን ስድስት ጊዜ ምንም ሳይገባት ቁጭ ትላለች። ሂሳብ ላይ አዲስ አበባ የተማረችው ስለነበር ቁጥሩን አይታ ትሰራዋለች፣ የቃላት ጥያቄ ሲመጣ ግን ባዶ ወረቀት። አንድ ክፍል ዝቅ አርጎ ማስገባት እንደሚቻል ያወቅኩት ዓመቱ ካለቀ በኋላ ነው፣ ቋንቋው ለማይችል ልጅ እንደሁኔታው ይፈቅዳሉ፣ ግን ካልጠየቃችሁ የሚነግራችሁ የለም፣ ስለዚህ መጀመሪያ ቀን ጠይቁ።

ኮከቧ የጎደለችውም እዚህ ጋ ነው። ልጄ እንደመጣች ኩያኩሾ፣ የክፍለ ከተማ ፅህፈት ቤቱ ማለት ነው፣ ሄጄ ላስመዘግባት ስል መስኮቱ ላይ ያለው ሰውዬ «ለውጭ ዜጋ ግዴታ አይደለም» ብሎ ወረቀት ብቻ ሰጥቶ ሸኘኝ። እውነት ነው፣ በህጉ ግዴታው ለጃፓን ዜጋ ነው፣ ነገር ግን የውጭ ዜጋ ልጁን ላስገባ ካለ በነፃ ይቀበላሉ፣ ይሄን ሁለተኛውን ግማሽ አልነገረኝም። እኔም አይቀበሉም ማለት ነው ብዬ ልጄ ስድስት ሳምንት ቤት ተቀመጠች። እህቶቼ፣ እንደኔ እንዳትሸኙ፣ «ማስመዝገብ እፈልጋለሁ» በሉና ሳትጨርሱ ከመስኮቱ አትነሱ።

እድሜን ሌላም ቦታ ተጠንቀቁበት። ልጃችሁ 15 አልፎት ቹጋኮው የሚያልቅበት ማርች ካለፈ መደበኛ ቹጋኮ አይወስደውም። አገር ቤት 9ኛን ጨርሶ ሰርተፍኬት ከያዘ ለኮኮ ፈተና መቀመጥ ይችላል፣ 8ኛ ላይ አቋርጦ ከመጣ ግን መሀል ላይ ይንጠለጠላል፣ ለነሱ የሚሆን የማታ ቹጋኮ አለ፣ ቶኪዮ ውስጥም አለ። የምታመጡት ልጅ 14 ዓመት ከሆነው ቪዛው ላይ አትዘግዩ፣ ወይ ደሞ 9ኛን ጨርሶ ይምጣ።

እስከ 15 ዓመት ማንንም ሳይጥሉ ያመጡና ኮኮ መግቢያ ላይ ፈተና ይጠብቃል። ኮኮ ግዴታ ባይሆንም የማይገባ ልጅ የለም ማለት ይቻላል፣ ጥያቄው የትኛው ኮኮ ነው። የቶኪዮ የመንግስት ኮኮ ፈተና ፌብሩዋሪ ላይ ነው፣ ጃፓንኛ፣ ሂሳብ፣ እንግሊዝኛ፣ ሳይንስና ህብረተሰብ። የትልቋ ልጄ የክፍል ጓደኞች ማታ ማታ ጁኩ ይሄዳሉ፣ የግል ማስጠኛ ነው፣ ብር ይበላል። አንዳንድ ኮኮዎች ደሞ በቅርብ ለመጡ የውጭ ልጆች ለብቻ መግቢያ አላቸው፣ እኛ በዛ እየሞከርን ነው፣ ልጄ አሁን ጃፓንኛውን ከኔ በላይ ታወራዋለች።

ሌላውን ቶሎ ቶሎ ልበል። ምሳ ኪዩሾኩ ይባላል፣ ልጆቹ ነጭ ልብስና ኮፍያ አርገው ራሳቸው ያድላሉ፣ ስጋና ወተት አለው፣ የምትፆሙ ከሆነ ቀድማችሁ አስተማሪውን አናግሩ፣ እኛን ሰምተውናል። ክፍላቸውን ራሳቸው ያፀዳሉ። አንደኛ ክፍል ሲገቡ የሂሳብ መቁጠሪያ ሳጥን ይሰጣችኋል፣ እያንዳንዷ እንጨትና ጠጠር ላይ የልጁን ስም መለጠፍ አለባችሁ፣ እኔና ባለቤቴ ሁለት ሌሊት ነው የፈጀብን፣ ስቲከር አሳትሙ።

ሰልፍ ሲሰለፉ በቁመት ነው፣ አጭሩ ከፊት። «ማኤ ናራኤ» ሲባል ሁሉም ሁለት እጁን ወደ ፊት ዘርግቶ ርቀቱን ይለካል፣ የፊተኛው ብቻ የሚለካበት ሰው ስለሌለው እጁን ወገቡ ላይ ያደርጋል። ልጄ ሁለት ዓመት ሙሉ እጁ ወገቡ ላይ ነበር። ዘንድሮ አፕሪል ላይ ከትምህርት ቤት ሮጦ መጥቶ ጫማውን ሳያወልቅ በር ላይ ቆመና ሁለት እጁን ወደኔ ዘረጋ፣ «እማ፣ ሁለተኛ ነኝ!»