ፍሌሽ ጎርደን (1974)፦ ቀልዱን እለፉት፣ ጭራቁን እዩት

መጀመሪያ ማስጠንቀቂያ። ይሄን ዲቪዲ ልጆች ሳይተኙ እንዳትከፍቱት። አማት ቤት ካለችማ ጭራሽ አታስቡት። የአዋቂዎች ፊልም ነው፤ ያውም በ1930ዎቹ የአሜሪካ ሕፃናት ያበዱለትን የሕዋ ጀግና፣ ፍላሽ ጎርደንን፣ ልብስ አስወልቆ የሚቀልድበት።

ታሪኩ ባጭሩ ይሄ ነው፦ ከአንዲት ፕላኔት ጨረር ይለቀቃል፤ ያረፈበት ሰው ሁሉ ባለበት ልብሱን ይጥላል። ጀግናችን ከፍቅረኛውና ከአንድ ቀውስ ሳይንቲስት ጋር ምንጩን ሊያጠፋ ይሄዳል። በቃ። ቀልዱ ቶሎ ይሰለቻል፣ ትወናው ደረቅ ነው፣ ሴቶቹን እንደ ዕቃ ማየቱ ደግሞ ያናድዳል። በጣም ግልጽ የሆኑት ትዕይንቶች ለሲኒማ ሲወጣ ስለተቆረጡ፣ ለነሱ ብሎ የሚገዛውም ሰው ይከፋዋል።

ታዲያ ምን ልሁን ብዬ ገዛሁት? ለአሻንጉሊቶቹ ነዋ! ያኔ ጭራቅ የሚንቀሳቀሰው በእጅ ነበር። ክንዱን በትንሹ ታነሳለህ፣ አንድ ፎቶ፤ ደግሞ በትንሹ፣ አንድ ፎቶ። አንዷ ሰከንድ 24 ፎቶ ትፈልጋለች። እዚህ ፊልም ላይ ጥንዚዛ መሳይ ፍጡር ከጀግናው ጋር በሰይፍ ይሞሻለቃል። ቀስ አድርጋችሁ እዩት፤ ሰይፍና ሰይፍ ሲገናኝ ክፍተት የለም። መጨረሻ ላይ የሚመጣው ግዙፍ ጭራቅ ደግሞ እንደ ኪንግ ኮንግ ልጅቷን ይዞ ግንብ ይወጣል። ልዩነቱ ይሄኛው ወሬኛ ነው! እየተንቀባረረ ያወራል፣ ከንፈሩም ቃሉን ተከትሎ ይንቀሳቀሳል። ድምፁ የክሬግ ቲ. ኔልሰን ነው፤ ስሙ ግን ፊልሙ ላይ የለም።

ከልዩ ትዕይንት ባለሙያዎቹ አንዱ ጂም ዳንፎርዝም ስሙን ያስጻፈው ከኋላ ወደ ፊት ገልብጦ ነው። አብረውት የሠሩትን ወጣት ባለሙያዎች ደግሞ ያኔ ብዙ ሰው አያውቃቸውም ነበር። ዴኒስ ሙረን በኋላ ስታር ዋርስ ላይ ሠራ፣ የጁራሲክ ፓርክን ዳይኖሰሮችም ይዞ ኦስካር ወሰደ። ሪክ ቤከር በሜካፕ የኦስካር ደንበኛ ሆነ። ግሬግ ጂን ደግሞ በ1977 ለስፒልበርግ «ክሎዝ ኢንካውንተርስ» ፊልም ያቺን መብራት በመብራት የሆነች የባዕዳን ፍጡራን እናት መንኮራኩር ሞዴል ገነባ።

ከ2010 ወዲህ በባትማንና በመሰሎቹ ጀግኖች የሚቀልዱ የአዋቂ ፊልሞች ጎርፈዋል። ልብሱን ስፌት በስፌት ይቀዱታል፣ ግን ከዚያ ሰፈር እንዲህ ያለ የባለሙያ ትውልድ ሲወጣ አላየሁም።

ዲቪዲው ራሱ? ቀለሙ ደብዝዟል፣ ጨለማ ትዕይንቶቹ ላይ ነጠብጣብ ይበዛል። በሙሉ ዋጋ አልገዛውም ነበር፤ ያገለገለ ካገኛችሁ ግን አትለፉት። የቨርጂኒያ ሰዎች ደግሞ እድለኛ ናችሁ፦ የግሬግ ጂን መንኮራኩር ደለስ አየር ማረፊያ አጠገብ ባለው የስሚዝሶኒያን ሙዚየም ቆማለች። ዘመድ ልትቀበሉ ሄዳችሁ አውሮፕላኑ ከዘገየ ጎራ በሉ። መግቢያው ነፃ ነው፣ ፓርኪንጉ ግን ያስከፍላል።