ጋሼ የሚፈጩት ሥጋ፦ ፖልፔቴ ቤት ውስጥ ለምትሠሩ ጥቆማ

ይሄን የምጽፈው አንድም ለማመስገን፣ አንድም ለመጠቆም ነው። ጉለሌ በኩል አንድ ሥጋ ቤት ውስጥ የሚሠሩ ሥጋ ቆራጭ አሉ። ሰፈሩ በሙሉ ጋሼ ነው የሚላቸው፣ እኔም እንደዚያው። ቤታችሁ የጣሊያን ፖልፔቴ፣ ማለትም ብዙዎቻችን ሚትቦል የምንለውን፣ እየሠራችሁ ውስጡ የሚደርቅባችሁ ወይም እንደ ጎማ የሚነጥርባችሁ ከሆነ ቅመም መቀያየሩን ተዉትና እሳቸው ጋ ሂዱ። ችግሩ አብዛኛውን ጊዜ ያለው ሥጋው ላይ ነው።

ያወቅኳቸው ወረፋ ላይ ቆሜ ነው። ከፊቴ የነበረች ልጅ "አንድ ኪሎ ሽንጥ፣ ጮማ እንዳይኖረው፣ ፈጭተው ይስጡኝ" አለቻቸው። ጋሼ ቢላውን ሳያነሱ "ለክትፎ ነው ልጄ?" ብለው ጠየቋት።

"አይ፣ ለልጆች ሚትቦል ልሠራ ነው።"

"እንግዲያው ሽንጥ አልሰጥሽም። ገንዘብሽንም ሥጋውንም ነው የምታባክኚው። ከፍሪምባና ከወርች ላውጣልሽ፣ ካልጣመሽ ነገ መጥተሽ ስደቢኝ።"

ልጅቷ ግራ ገብቷት ዞር ብላ አየችኝ። እኔ ምን ልበላት። እሳቸው ጋ ሽንጥ ከሌላው ይወደዳል፣ ስለዚህ ውዱን ልግዛ ብሎ የመጣ ሰው ወደ ርካሹ ሲመለስ ሳይ በበኩሌ ሥራዬ ብዬ አዳመጥኩ። በዚህ ዘመን እንዲህ ያለ ሰው ከተገኘማ ወረፋው ቢረዝምም ይጠበቃል።

ነገሩን ሲያስረዱ ቀላል ያደርጉታል። እኛ የተፈጨ ሥጋ ሲባል መጀመሪያ ትዝ የሚለን ክትፎ ነው። ክትፎ ደግሞ ጅማትና ጮማ የሌለው ቀይ ሥጋ ይፈልጋል፣ ልስላሴውንም የሚያገኘው ከንጥር ቅቤውና እሳት ስለማይበዛበት ነው። ቢበዛ ለብ ለብ ይላል። ፖልፔቴ ግን እስከ ውስጡ መብሰል አለበት፣ ያውም ስልስ ውስጥ ገብቶ ግማሽ ሰዓት ያህል። ቀይ ሥጋ ሲበስል ይኮማተራል፣ ውኃውን ይተፋል፣ የሚያለሰልሰው ቅባት አጠገቡ ከሌለ ደርቆ ይቀራል። ስለዚህ ለክትፎ አንደኛ የሆነው ሥጋ ለፖልፔቴ አይሆንም። ጣሊያኖች ብዙ ጊዜ የበሬውን ከአሳማ ሥጋ ጋር የሚቀላቅሉት አንዱ ምክንያት ይሄው ቅባት ነው። አሳማ የማንበላ ሰዎች ቅባቱን ከበሬው ከራሱ ማምጣት ይኖርብናል። የጋሼ ልክ ከአምስት እጅ አራቱ ሥጋ፣ አንዱ ጮማ ነው። ጮማ ሲሉ ሞራ ማለታቸው አይደለም፤ ሞራ በቶሎ ስለሚረጋ ምግቡ በረድ ሲል ላንቃ ላይ ይለጠፋል። ከፍሪምባው ጋር ተያይዞ የሚመጣውን ለስላሳውን ነው የሚወስዱት።

አሁን ወደ ማሽኑ። በእውነት ይህን ጽሁፍ ያስጻፈኝ ማሽናቸው ነው። የፍሪምባውንና የወርቹን ሥጋ መጀመሪያ ቁጭ ብለው ያጠራሉ፤ ነጩን ጅማትና እንደ ወረቀት የሳሳውን ሽፋን በቢላ ጫፍ ገፈፍ ያደርጉና ወደ ጎን ይጥሉታል። ልብ በሉ፣ ይሄን ሁሉ የሚያደርጉት ሚዛን ላይ ሳያወጡት በፊት ነው። ጅማት አያስከፍሏችሁም። ከዚያ ሥጋውንም ጮማውንም ጣት በምታህል ልክ ቆርጠው ፍሪጅ ይከቱትና "ዞር ዞር ብለሽ ነይ" ይላሉ። የሚቸኩል ሰው እዚህ ላይ ይነጫነጫል። ጠዋት የገባ ሥጋ ገና ለስላሳ ነው፣ ጮማውም ለብ ያለ ነው፣ እንዲያው ማሽን ውስጥ ከገባ ጮማው ቀልጦ ሥጋውን ይቀባዋል እንጂ አብሮት አይፈጭም። ሲቀዘቅዝ ግን ይጠነክራል፣ ስለቱም በደንብ ይቆርጠዋል።

ሲፈጩ አጠገባቸው ቆማችሁ እዩ። ሰፋ ያለ ቀዳዳ ያለውን ወንፊት ነው የሚገጥሙት፣ የሚያሳልፉትም አንድ ጊዜ ብቻ ነው። የሚወጣው ክር ክር ሆኖ ነው፤ ቀዩ ቀይ፣ ነጩ ነጭ፣ ለየብቻቸው ይታያሉ፣ ሳህን ላይ ሲያርፍም ልል ብሎ ይቀመጣል። አንድ ስሙን የማልጠራው ሱፐርማርኬት ተፈጭቶና ታሽጎ የሚሸጠውን ሥጋ ደጋግሜ ገዝቼ አውቃለሁ። ቀዩና ነጩ የማይለይ፣ አንድ ወጥ የሆነ ሮዝ ሊጥ ነው። ከመያዣው ሲገለበጥ የመያዣውን ቅርጽ እንደያዘ ቁጭ ይላል። ያንን በምን ዓይነት ጥበብ ብትሠሩት አይለሰልስም፣ ምክንያቱም ገና ድስት ሳይገባ ተጨፍልቆ ተጣብቋል። ጋሼ ይሄን ስነግራቸው "ስለቱ ዶልዱሟል ማለት ነዋ፣ የዶለዶመ ስለት ሥጋ ያሻል እንጂ አይቆርጥም" አሉኝ። የራሳቸውን ስለት ራሳቸው ናቸው የሚስሉት። ማሽኑንም ሰው እያየ ፈታተው በፈላ ውኃ ያጥቡታል።

ይሄን ሁሉ ከየት አወቁት ላላችሁ፣ በወጣትነታቸው የጣሊያን ምግብ የሚሠራ ሆቴል ኩሽና ውስጥ ሥጋ ያዘጋጁ ነበር። ስለዚያ ጊዜ ብዙ አያወሩም፣ ስለ ሥጋ ግን ከጠየቃችኋቸው ወረፋው ቆመ ብለው ወሬውን አያቋርጡም። ያው ከኋላ ያለው ሰው ነው የሚሰለቸው።

እንግዲህ የእሳቸውን ሥጋ ይዛችሁ ቤት ከገባችሁ በኋላ የቀረው ቀላል ነው። እኔ እንዴት እንደምሠራው ልንገራችሁ። ለግማሽ ኪሎ ሥጋ 100 ግራም የሚሆን ያደረ የፍርኖ ዳቦ ቅርፊቱን አንሱና ግማሽ ብርጭቆ ወተት ውስጥ ንከሩት። በእጅ ሲታሽ ገንፎ እስኪመስል ድረስ ይቆይ። ብዙ ሰው ዳቦ ሲባል ሥጋ ለማብዛት የሚገባ ይመስለዋል፣ አንዳንዱም ደረቅ ፍርፋሪ በትኖ ይጨርሳል። ደረቅ ፍርፋሪ ከሥጋው ውኃ ይጠጣል፤ የተነከረው ዳቦ ግን ውኃውን ይዞ ነው የሚገባው፣ በዚያ ላይ በሥጋው መሃል መሃል እየገባ አጥብቆ እንዳይያያዝ ያደርገዋል። ለስላሳ ፖልፔቴ ከፈለጋችሁ ወተትና ዳቦው የግድ ነው።

እዚያው ዳቦ ላይ አንድ እንቁላል፣ ሁለት ሦስት ማንኪያ የተፈቀፈቀ አይብ፣ አንድ ፍሬ ነጭ ሽንኩርት በደንብ ተደቁሶ፣ አንድ እፍኝ የተከተፈ ፐርሰሜሎ፣ ቁንዶ በርበሬና ገውዝ ጨምሩ። ገውዙ በጣም ትንሽ፣ ሸተት እንዲል ያህል ብቻ። አይቡ ፓርሜዛን ቢሆን ጥሩ ነበር፣ ዋጋው ግን የሚቀመስ አይደለም፤ እዚሁ የሚሠራውን ፕሮቮሎኔ ፍሪጅ ውስጥ ሳትሸፍኑ ጥቂት ቀን ካደረቃችሁት ይፈቀፈቃል፣ ጣዕሙም አያሳፍርም። ጨውም እዚህ ላይ ነው የሚገባው። ጨው ያገኘ ሥጋ ብዙ ከታሸ እርስ በርሱ እየተጣበቀ ይሄዳል፤ ለቋሊማ የሚፈለገው እሱ ነው፣ ለፖልፔቴ ግን ጠላት ነው። ስለዚህ ሌላው ሁሉ ተዋህዶ ካለቀ በኋላ ሥጋውን በመጨረሻ አስገቡና በጣታችሁ ጫፍ ቀላቅሉት፣ ነጭ ነጩ ዳቦ መታየቱን ሲያቆም በቃ። እንደ ሊጥ አትደቁሱት። ጨውና ቅመሙ መስተካከሉን ለማወቅ ጥሬውን አትቅመሱ፣ እንቁላልም የማሽን ሥጋም አለበት። ትንሽ ቆንጥራችሁ ጠብሳችሁ ቅመሱ።

እጃችሁን በውኃ ነካ እያደረጋችሁ ሎሚ የምታህል ድቡልቡል ሥሩ፣ ሳትጨምቁት። ግማሽ ሰዓት ፍሪጅ ውስጥ ከተቀመጠ በኋላ በዘይት ዙሪያውን ቡናማ እስኪል ብቻ ጠበስ አድርጉት፣ ውስጡ ባይበስል አትጨነቁ። ከዚያ በቀይ ሽንኩርት፣ በቲማቲምና በትንሽ የቲማቲም ድልህ የተሠራ ቀጠን ያለ ስልስ ውስጥ ይገባል። በርበሬ የምትጨምሩም አላችሁ፣ አልፈርድባችሁም፣ ግን ያኔ ሌላ ወጥ ነው። እሳቱ ይቀንስ፣ ስልሱ አልፎ አልፎ ቡልቅ ከማለት በላይ እንዳይንተከተክ። አዲስ አበባ ከፍታ ላይ ስለሆነች ውኃ 92 ዲግሪ አካባቢ ነው የሚፈላው፣ ስለዚህ ከጣሊያን አዘገጃጀት ላይ 20 ደቂቃ የሚል ካያችሁ እናንተ ወደ 30 አስጠጉት። ቴርሞሜትር ያላችሁ መሃሉ 71 ዲግሪ ሲደርስ በስሏል። የሌላችሁ አንዱን ከፍታችሁ እዩ፣ ቀይ ፈሳሽ ከወጣው ገና ነው።

ስፓጌቲ ላይ ማድረግ ግዴታ አይደለም። ጣሊያን አገር ፖልፔቴ አብዛኛውን ጊዜ ለብቻው፣ ከፓስታው በኋላ፣ በዳቦ ነው የሚበላው። በአብሩዞ ቴራሞ አካባቢ ፓስታ ላይ ያደርጉታል፣ ግን ጥቃቅን፣ ከሽምብራ ብዙም የማይበልጥ። ትልልቁን ስፓጌቲ ላይ መከመር አሜሪካ የገቡ ጣሊያኖች ያስፋፉት ነው። እኔ ቤት ልጆች ያለ ስፓጌቲ አንበላም ስላሉ ክርክሩን ትቼዋለሁ።

ወደ ጋሼ ልመለስ፣ ጥቆማ ነው ካልኩ ያለውን ሁሉ መናገር አለብኝ። ፊታቸው አይፈታም። "ጋሼ ትንሽ ይቀንሱ" ብትሉ መልስ አይሰጧችሁም፣ ቀጣዩን ሰው ነው የሚጠሩት። ቤት ድረስ አያደርሱም፣ በስልክም ትዕዛዝ አይቀበሉም። ቅዳሜ ወረፋው እስከ አስፋልቱ ይደርሳል፣ የፋሲካና የገና ሰሞንማ አታስቡት። ረቡዕና አርብ እንዲሁም በአጽዋማት ሥጋ ቤቱ ዝግ ነው። ከሰዓት በኋላ የሄደ ሰው ፍሪምባ ላያገኝ ይችላል፣ ስለዚህ ከጠዋቱ 4 ሰዓት በፊት ድረሱ። "የፖልፔቴ" ካላችሁ ይገባቸዋል፣ ሌላ ማብራሪያ አያስፈልግም፣ እንዲያውም ካበዛችሁ ይከፋቸዋል። ለመፍጫ ተጨማሪ አይጠይቁም። ቴሌብርም ይቀበላሉ። አጥንት ለሾርባ ከፈለጋችሁ ጠይቁ፣ ካለ ጣል ያደርጉላችኋል። የተፈጨውን ግን በዚያው ቀን ሥሩት፣ ካልሆነ ፍሪዘር ውስጥ ክተቱት። እሳቸውም ሲሰጧችሁ "ዛሬ ነው አይደል የምትሠሪው?" ብለው ሳይጠይቁ አይለቋችሁም።

ጋሼ፣ ይሄን ልጆችዎ ያነቡልዎታል ብዬ ነው። እግዜር ይስጥልኝ። እጅዎ አይድከም፣ ዕድሜና ጤና ይስጥዎት። እንግዳ ሲመጣ ገበታዬ ላይ አኮራኝ የምለው ምግብ ግማሽ ሥራው የእርስዎ ነው፣ እንግዶቼም ከየት ገዛሽው እያሉ ሲያስቸግሩኝ ከርመዋል።

ስማቸውንና ስልካቸውን በአደባባይ እንዳልጽፍ ነግረውኛል። የምትፈልጉ በውስጥ ጻፉልኝ፣ አቅጣጫውን እጠቁማችኋለሁ። ብቻ ዶሮም ይፈጫሉ ወይ ብላችሁ አትጠይቋቸው፣ ያንን ማሽን ዶሮ አያስነኩትም።